በተፈጥሮሽ ጻፊ

ዳኛው መነጽራቸውን ሳያወልቁ አነበቡት፦
«ተጠርጣሪዋ የእጅ ጽሑፏን ናሙና ለመርማሪው ትስጥ።»
ትስጥ አሉ። ደም አይደል፥ ገንዘብ አይደል፤
ከክንድ ጫፍ ላይ የሚቆረጥ ቅርጽ።

ሳጅን አበጀ መስኮቱን ከፈተ።
ጣና ከአጥሩ ማዶ ነው፤ ሽታው ግን እዚሁ ነው፥
እምቦጭና ናፍጣ።
አርባ ነጭ ወረቀት ቆጥሮ አስቀመጠ፥
ሰማያዊ እስክሪብቶ፥ ጥቁር እስክሪብቶ።
«ቀስ ብለሽ» አለ። ቀጥሎ «ፈጠን ብለሽ»።
ቀጥሎ ቆሜ። ቀጥሎ በግራ እጄ፥
እንደ ሰካራም የሚንገዳገድ ፊደል።
የማያሳየኝ ያ የወጪ ትእዛዝ
ክላሰር ውስጥ ነው፥ ከክርኑ ሥር።

«ለማኅበሩ ሞተርና መረብ መግዣ
ሦስት መቶ አርባ ሺህ ብር ወጪ ይሁን…»
ያነባል፤ እጽፋለሁ።
ያነባል፤ እጽፋለሁ።
«በተፈጥሮሽ ጻፊ» ይለኛል በየመሀሉ፥
«አታሳምሪ፥ አታበላሺ፤ እንደ ወትሮሽ።»

እንደ ወትሮዬ?
ወትሮዬ የማን ነው?

ፊደል ያስያዘኝ ገደፋው ነው፥ ወንድሜ፥
ሽምብጥ ዳር፥ በተገለበጠ ጀልባ ሆድ ላይ፥ በከሰል።
«ዓሣ በዐይኑ ዓ፥ በንጉሡ ሣ ነው፤
በእሳቱ ከጻፍሽው ተጠበሰ ማለት ነው» ይልና
ራሱ ይስቃል።
መንጠቆ ጫፉን የበላው ሌባ ጣቱ
ከሰሉን አጥብቆ አይዝም፤
እናም የእሱ «በ» ወደ ግራ ያጋድላል፥
የእሱ «መ» አንድ ዐይኗ ይጠባል፥
የእሱ «ሺ» እግሯን ትጎትታለች።
የእኔ ጣት ሙሉ ነበር።
ቁስሉ እሱ ዘንድ ቀርቶ ማጋደሉ መጣ፥
ደሜ ጠብ ሳትል ቅርጹ ከእጄ ወጣ።

እናታችን ስሙን ያወጣችው በትንሣኤ ማለዳ ነው፥ ጾም ሲገደፍ።
ቄሱ ግን ሌላ ትርጉም ነገሯት፦
ጸሐፊ ሲገድፍ ቃል ይዘላል።
ወንድሜም ዘለለ።
የዘለለው ቃል እኔ ነኝ።

ኮሪደሩ ላይ የምሳ ዕቃ ክዳን ይንኳኳል።
እሱ ነው። ሦስት ሳምንት ሙሉ ያመላልሳል፥
በጨርቅ ቋጥሮ፥ ዐይኔን ሳያይ።
ከእሱ ናሙና የጠየቀ የለም፤
ሒሳብ ያዧ እኔ፥ የመዝገቡ ቁልፍ የእኔ፤
ቁልፉ አንድ ሌሊት ከግድግዳው መውረዱን
ምስማሩና እኔ ብቻ ነን የምናውቀው።

ፊደሉን ላቃናው ብል «ደበቀች» ይላል ባለሙያው።
እንዳለ ብተወው «ራሷ ናት» ይላል።
ሁለቱም መንገድ እስር ቤት ያደርሳል፥
አንዱ በዓባይ ድልድይ፥ አንዱ በጀልባ።

ሃያ ሰባተኛው ወረቀት ላይ ሳጅኑ አዛጋ።
«ቀኑንም ጻፊ» አለ፤ «ጳጉሜ ሦስት።»

እጄ ቆመ።

ጳ።
ይቺን ወንድሜ አላስተማረኝም።
«ጨ» ላይ ስንደርስ አባታችን ሞተ፤
እሱ መረብ ያዘ፥ እኔ ደብተር።
ከ«ጨ» ወዲያ ያሉትን ያገኘኋቸው ከጥቁር ሰሌዳ ነው፥
ከመምህርት የዝና ጠመኔ።
እሱ ዛሬም ጳጉሜን በ«ፓ» ነው የሚጽፈው፥
ከፓስታ ካርቶን ላይ ለቅሟት።
እሱ የሌለባት፥ የእኔ የምላት፥
በእጄ ውስጥ ያለች አንዲት ጠባብ ክፍል፤
ቀጥ ያለች። የማታጋድል።

«ምነው?» አለ ሳጅኑ።
«ምንም።»
ጻፍኋት፥ በተፈጥሮዬ።
አሥራ አራት ጊዜ፥ እስከ መጨረሻው ወረቀት።

ከዚያ አግዳሚው ላይ ተቀመጥን፥ እኔና እሱ፤
ፖሊሷ ሰዓቷን ታያለች።
ቆሮሶ ነበር፤ ቀዝቅዟል።
በዚያ በጎደለ ሌባ ጣቱ
እሾሁን አንድ ባንድ ለቀመልኝ፥
ልጅ ሳለሁ እንደሚያደርገው።
«ምን አጻፉሽ?» አለ፥ ዐይኑን ከሳህኑ ሳያነሣ።
«ወር።»
«የቱን ወር?»
ጎረስሁ። ዋጥሁ።
«አጭሩን» አልሁት።
ጣቱ እሾህ ፍለጋ ቆየ፥
ካለቀ ዓሣ ላይ።